ያን ቫን አይክ፦ ሙሽራ አይቶ እንዲመጣ የተላከው ሠዓሊ

ያን ቫን አይክን ብዙ ሰው የሚያውቀው በአንድ ሥዕል ነው። ትልቅ ጥቁር ባርኔጣ ያደረገ ገርጣ ያለ ሰው፣ አረንጓዴ ቀሚስ የለበሰች ሴት፣ ከኋላቸው ክብ መስታወት፣ እግራቸው ሥር ደግሞ ትንሽ ውሻ። ስለዚያ መስታወት ኢንተርኔት ላይ ያልተባለ ነገር የለም። እኔ ግን ሰውየውን ለመረዳት መነሻው ሥራው ነው ባይ ነኝ። ደመወዙን የሚከፍለው ማን ነበር? ምን ሠርቶ? ይህን ስናውቅ ሥዕሎቹ ለምን እንደዚያ እንደሆኑ፣ ፊት ላይ የወጣ ኪንታሮትና የደም ሥር እንኳ ለምን እንደማይዘል ይገባናል። (ከዚህ በታች ያሉት ዓመታትና ቀኖች በሙሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው።)

መጀመሪያ ስለ አገሩ። ዛሬ ቤልጂየም፣ ኔዘርላንድስ፣ ሉክሰምበርግና ሰሜን ፈረንሳይ የምንለው አካባቢ በ15ኛው ክፍለ ዘመን የብዙ ትንንሽ ግዛቶች ስብስብ ነበር። የቡርጎኝ መስፍኖች ይህን ምድር በጋብቻ፣ በውርስ፣ በግዢና በጦር እየሰበሰቡ ያዙት። በያን ዘመን የነበረው መስፍን ታሪክ «ደጉ ፊሊፕ» የሚለው ነው። ዘውድ አልጫነም፤ ግን ዘውድ የጫኑት ሁሉ ሀብቱን ይመኙ ነበር። ሀብቱ የሚመጣው በጨርቅ ሥራና በንግድ ከከበሩት ከተሞች፣ በተለይ ከብሩዥና ከጌንት ነው። ብሩዥ ውስጥ የጣሊያን ነጋዴና ባንከኛ፣ የስፔን ሱፍ አስመጪ፣ የጀርመን ነጋዴ ሁሉ ይገኛል። ገንዘብ ያለበት ቦታ ደግሞ ሥዕል የሚያዝ ሰው አይጠፋም።

ያን የተወለደው በ1390 አካባቢ ሲሆን ትውልዱ ማሴይክ ከምትባል ከተማ እንደሆነ ይታመናል። ስሙ በመዝገብ ጎልቶ የሚታየው ከ1422 ጀምሮ ነው። ያኔ ደን ሃግ ውስጥ ለሆላንድ ገዢ ለባቫሪያው ዮሐንስ ይሠራ ነበር። ገዢው በ1425 መጀመሪያ ላይ ሞተ። ያን ሥራ ፈትቶ ብዙ አልቆየም፤ በዚያው ዓመት ሜይ 19 ቀን ደጉ ፊሊፕ ቀጠረው።

የቅጥሩ ማዕረግ ሁለት ነገር ይዟል፤ ሠዓሊና የእልፍኝ አሽከር። ይህ ማለት ያን የመስፍኑ የቤት ሰው ሆነ ማለት ነው። በከተማ የሚኖር ተራ ሠዓሊ በሙያ ማኅበሩ ደንብ የታሰረ ነበር፤ ማን ደቀ መዝሙር እንደሚይዝ፣ ምን ዓይነት ቀለም እንደሚጠቀም፣ የት እንደሚሸጥ ሁሉ ማኅበሩ ይቆጣጠረዋል። የቤተ መንግሥት ሠዓሊ ግን ከዚህ ነፃ ነው። ቋሚ ደመወዝ አለው፤ ሥራ ኖረም አልኖረም ይከፈለዋል። በምላሹ መስፍኑ ሂድ ባለው ቦታ ይሄዳል።

እናም ብዙ ሄደ። የመስፍኑ የሒሳብ መዝገብ ላይ ከ1426 ጀምሮ ለያን የተከፈለ የጉዞ ገንዘብ አለ። ከፊሉ የተመዘገበው «ምስጢራዊ» እየተባለ ነው። የት እንደሚሄድ ለሒሳብ ሹሞች እንኳ አልተነገረም። ሠዓሊን በምስጢር መላክ ምን ይባላል? መልሱ ቀላል ነው። አይቶ፣ ያየውን ይዞ የሚመለስ ሰው ከየት ይገኛል?

በደንብ የሚታወቀው ጉዞው የፖርቱጋሉ ነው። በ1428 ፊሊፕ 32 ዓመቱ ነው። ሁለት ሚስቶች ሞተውበታል። በሕግ የተወለደ ወራሽ የለውም፤ ለእንዲህ ያለ ገዢ ይህ ከግል ኀዘን ያለፈ የመንግሥት አደጋ ነው። ስለዚህ ለፖርቱጋሉ ንጉሥ ለዡዋዎ 1ኛ ሽማግሌ ላከ፤ ልጅዎን ኢሳቤልን ይዳሩልኝ ብሎ። ኢሳቤል ሠላሳን ተሻግራለች። በዚያ ዘመን የንጉሥ ልጅ እስከዚህ ዕድሜ ሳታገባ መቆየቷ ያልተለመደ ነው። መስፍኑ ደግሞ በዓይኑ አይቷት አያውቅም። ሽማግሌዎቹ ውስጥ ያን ቫን አይክን ጨመረበት።

መርከቦቹ ኦክቶበር 19 ቀን ከስሉስ ወደብ ተነሡ፤ ሊዝበን የደረሱት በዲሴምበር ነው። በጃንዋሪ 1429 አቪሽ በምትባል ከተማ ንጉሡ ፊት ቀረቡ። የጋብቻው ድርድር በአንድ በኩል እየሄደ፣ በሌላ በኩል ያን ልዕልቷን ሣላት። በፌብሩዋሪ ሁለት መልእክተኞች በባሕር፣ ሁለት ደግሞ በየብስ ወደ መስፍኑ ተላኩ። የድርድሩን ውጤት የሚናገር ደብዳቤና የልዕልቷን ምስል ይዘው ነው የሄዱት። በሁለት መንገድ የተላከበት ምክንያት ግልጽ ነው፤ አንዱ መርከብ ቢሰጥም ወይም አንዱን ሽፍታ ቢያገኘው ሌላው ይደርሳል። ይህን ያህል የተጠነቀቁለት ዕቃ የግድግዳ ጌጥ ሊሆን አይችልም። መረጃ ነው። መስፍኑ ሊወስን ነው፤ ሲወስን ደግሞ በእጁ ያለው አንድ ሰው ዓይኑን አምኖ ያስቀመጠው ፊት ነው።

ምላሹ እስኪመጣ ሽማግሌዎቹ ዝም ብለው አልተቀመጡም። ሳንቲያጎ ዴ ኮምፖስቴላ ሄደው ተሳለሙ፣ የካስቲልን ንጉሥ ጎበኙ፣ የግራናዳውን ሙስሊም ንጉሥ ሳይቀር አዩ። መስፍኑ እሺ አለ። ኢሳቤል ከከባድ የባሕር ጉዞ በኋላ በ1429 የገና ዕለት ስሉስ ደረሰች፤ ሠርጉ ጃንዋሪ 7 ቀን 1430 ሆነ። ያ ምስል ዛሬ የለም። ከሱ ተቀድቷል የሚባል በኋላ ዘመን የተሠራ ንድፍ ብቻ ነው የቀረው።

እዚህ ላይ አንድ ነገር ጣል ላድርግ፤ ለኛ ለኢትዮጵያውያን ቅርብ ስለሆነ። በዚያው ዘመን የእኛው ዐፄ ይስሐቅም ወደዚያው አካባቢ ሰው ልከው ነበር፤ ወደ አራጎኑ ንጉሥ ወደ አልፎንሶ 5ኛ። በ1428 በሁለቱ ቤተ መንግሥታት መካከል የጋብቻ ዝምድና እስከ መነጋገር ተደርሷል፤ አልፎንሶ 13 የእጅ ባለሙያዎችን ወደ ኢትዮጵያ እንደላከና በመንገድ ላይ እንዳለቁ በኋላ በ1450 ለዐፄ ዘርዐ ያዕቆብ ጽፏል። ይኸው አልፎንሶ ደግሞ የያን ቫን አይክ ሥራ ወዳጅ ነበር። ያን ከሞተ በኋላ በ1444 አንድ የቅዱስ ጊዮርጊስ ሥዕሉን ገዝቷል። ጋብቻ፣ መልእክተኛና የእጅ ጥበብ በዚያ ዘመን አንድ ገመድ ላይ የተንጠለጠሉ ጉዳዮች ነበሩ።

አሁን ወደ አሠራሩ እንምጣ፤ ብዙ ሰው የሚሳሳትበት እዚህ ጋ ነው። «የዘይት ቀለምን የፈለሰፈው ቫን አይክ ነው» ሲባል ሰምታችሁ ይሆናል። ወሬውን ያሰራጨው በ1550 የሠዓሊዎችን ታሪክ የጻፈው ጣሊያናዊው ቫሳሪ ነው። ልክ አይደለም። ቀለምን በዘይት ማዋሃድ ከያን በፊት በ12ኛው ክፍለ ዘመን በጽሑፍ ተገልጿል፤ አፍጋኒስታን ባሚያን ዋሻዎች ውስጥ ደግሞ ከዚያም የቀደመ የዘይት ሥዕል ተገኝቷል። የያን ድርሻ ሌላ ነው። የታወቀውን ነገር ወስዶ ማንም ያላደረሰበት ቦታ አደረሰው።

ነገሩ እንዲህ ነው። መጀመሪያ የኦክ ሳንቃ ይቀርባል፤ ብዙውን ጊዜ ከባልቲክ አገሮች በመርከብ የመጣ፣ ቀጥ ያለ እንጨት። በላዩ ላይ ጠመኔና ከእንስሳ የተሠራ ሙጫ ተደባልቆ ይቀባል፣ ይፋቃል፣ ይለሰልሳል፤ በመጨረሻ ነጭና ልሙጥ ይሆናል። በዚህ ነጭ ላይ ሠዓሊው ንድፉን ያሰፍራል። ከዚያ ቀለም። ከሱ በፊት ብዙው ሠዓሊ ቀለሙን የሚለውሰው በእንቁላል ነበር። የእንቁላል ቀለም ቶሎ ይደርቃል፤ አንዱን ከሌላው እያዋዛችሁ ቀስ ብላችሁ ጥላ ለመሥራት ጊዜ አይሰጥም። ዘይት፣ በተለይ የተልባ ዘይት፣ ቀስ ብሎ ነው የሚደርቀው። ከዚህም በላይ ቀለሙ ሲሳሳ ብርሃን ያሳልፋል። ያን ይህን ስስ ቀለም አንዱ ላይ አንዱን ደረበ፤ ነጭ ነጠላ በቀይ ቀሚስ ላይ ሲጣል ቀዩ ከሥር ፈካ ብሎ እንደሚታየው ማለት ነው። ብርሃኑ ንብርብሩን አልፎ ነጩ ጠመኔ ድረስ ይሄድና ይመለሳል። ለዚህ ነው የሱ ቀይና አረንጓዴ ከውስጥ የበራ የሚመስለው።

ይህ ዘዴ ለፊት ምን ፈየደ? የሰው ቆዳም ብርሃን የሚያሳልፍ ነገር ነው። ከሥሩ ደም አለ፣ ደም ሥር አለ። በእንቁላል ቀለም ይህን ማሳየት ከባድ ነው። በስስ ዘይት ግን ይቻላል።

ደግሞ ሞዴሉ ወር ሙሉ ፊቱ አይቀመጥለትም። እንዴት ነበር የሚሠራው? ድሬስደን ጀርመን ውስጥ አንድ ንድፍ አለ፤ ካርዲናል ኒኮሎ አልቤርጋቲ ናቸው ተብለው የሚገመቱ ሽማግሌ፣ በቀጭን የብር መሣያ ወረቀት ላይ የተሣሉ። ንድፉን ደስ የሚያሰኘው ዳር ላይ ያለው ጽሑፍ ነው። ያን በአገሩ ቋንቋ ማስታወሻ ጽፏል፤ የዓይናቸው ቀለም ምን እንደሚመስል፣ ከንፈራቸው ምን ያህል ነጣ እንደሚል፣ ቆዳቸው የት ላይ ቢጫ የት ላይ ቀላ እንደሚል። ንድፉን በፊታቸው ሆኖ ሠራ፣ ቀለሙን በቃል ያዘ፣ ከዚያ ቤቱ ገብቶ በ40 በመቶ ያህል አጉልቶ በሳንቃ ላይ ሣለው። ያ ቅብ ዛሬ ቪየና ነው። ማስታወሻውን ሳስበው ሐኪም የበሽተኛ ካርድ ላይ የሚጽፈውን ነው የሚመስለኝ እንጂ የአርቲስት ስሜት አይደለም። ፖርቱጋል ላይም የሠራው በዚሁ መንገድ ይሆናል ብዬ አምናለሁ።

እስቲ አንድ ፊት ጠጋ ብለን እንይ። ለንደን ናሽናል ጋለሪ ውስጥ በ1433 የተሣለ የቀይ ጥምጥም ሰው አለ፤ አብዛኞቹ ባለሙያዎች ያን ራሱን የሣለበት ነው ይላሉ። ሥዕሉ ትንሽ ነው፤ ቁመቱ 26 ሴንቲ ሜትር ያህል። ጀርባው ጥቁር ነው፣ ልብሱ ጥቁር ነው፣ ዓይናችሁ መሄጃ የለውም፤ ወይ ቀዩ ጨርቅ ወይ ፊቱ። ፊቱ ላይ ከሁለት ቀን በፊት የተላጨ የሚመስል ጺም አለ፤ ብቅ ብቅ ያለ፣ ከፊሉ ነጭ። የዓይኑ ነጭ ክፍል ንጹሕ ነጭ አይደለም፤ ቀጫጭን ቀይ ደም ሥሮች አሉበት። በብሌኑ ላይ የብርሃን ነጥብ አለ። ከዓይኑ ጎን ያለው የቆዳ ሽብሽብ አንድ በአንድ ይቆጠራል። በዚያ ላይ ቀጥ ብሎ ያያችኋል፤ በዚያ ዘመን የነበሩ ምስሎች አብዛኞቹ ወደ ጎን ነው የሚያዩት።

ከፍሬሙ በታች «ያን ቫን አይክ ሠራኝ፣ 1433፣ ኦክቶበር 21» የሚል ጽሑፍ አለ። ከላይ ደግሞ መፈክሩ፤ «እንደምችለው» የሚል። ቀን ጭምር መጻፉን ልብ በሉልኝ። ያኔ ሠዓሊ ስሙን መጻፉ ራሱ ብርቅ ነበር። ከአንድ ዓመት በፊት በ1432 በሣለው ሌላ የወንድ ምስል ላይማ የጻፈው ቀጥታ የውል ቋንቋ ነው፤ ይህ በዚህ ዓመት፣ በዚህ ወር፣ በዚህ ቀን በያን ቫን አይክ ተፈጸመ ይላል። ሰነድ ላይ የሚሠፍር አጻጻፍ ነው። ያን ምስል የሚሠራው ምስክርነት እንደሚሰጥ ሰው ነው፤ ነበርኩ፣ አየሁ፣ እንዲህ ነው ብሎ ይፈርማል።

ይህን ከያዛችሁ ያ ታዋቂ የባልና ሚስት ሥዕል በ1434 የተሠራው ሌላ ገጽታ ይይዛል። ሰውየው ከጣሊያኗ ከተማ ከሉካ ከመጡት ከአርኖልፊኒ ነጋዴዎች ቤተሰብ ነው፤ ብሩዥ ውስጥ ይነግዱ ነበር። ሴትየዋ ብዙ ሰው እንደሚያስበው እርጉዝ አይደለችም፤ የዘመኑ ፋሽን ነው፣ ያንን ከባድ ቀሚስ ሰብስባ ይዛ ነው። ሥዕሉ ሠርግ ነው፣ እጮኝነት ነው፣ የሞተች ሚስት መታሰቢያ ነው እየተባለ ገና ይከራከሩበታል። እኔን የሚስበኝ ግን ከመስታወቱ በላይ ግድግዳው ላይ በጌጠኛ የሰነድ ፊደል የተጻፈው ነው፤ «ያን ቫን አይክ እዚህ ነበር፣ 1434» ይላል። «ሣለው» አይልም። ነበር ነው የሚለው። መስታወቱ ውስጥ ደግሞ በር ላይ የቆሙ ሁለት ሰዎች ይታያሉ።

ስለ እውነተኛነቱ ሌላ ማስረጃ ከፈለጋችሁ ብሩዥ ያለውን የ1436 ሥዕል ተመልከቱ። ቄስ ዮሪስ ቫን ደር ፓሌ በእመቤታችን ፊት ተንበርክከዋል፤ መነጽራቸውን በእጃቸው ይዘዋል። ሥዕሉን ያዘዙትና የከፈሉት እሳቸው ናቸው። ያን ግን አላማላቸውም። በጆሮ ግንዳቸው በኩል ያበጡት ደም ሥሮች፣ የደከመው ቆዳ፣ የተወጠረው እጅ፣ ሁሉም አለ። በ20ኛው ክፍለ ዘመን ሐኪሞች ሥዕሉን አይተው የደም ሥር ሕመም ነበረባቸው ብለው እስከ መጻፍ ደርሰዋል። የደብሩ መዝገብም በሕመም ምክንያት ከማለዳ አገልግሎት ይቀሩ እንደነበር ያሳያል። ባለገንዘቡ ሰው እንዲህ አድርገህ ሣለኝ ብሎ መቀበሉ ራሱ የሚገርም ነው።

ስለ ጌንቱ ትልቅ ሥዕል፣ ማለትም ጌንት ቤተ ክርስቲያን ውስጥ ስላለው እንደ በር ስለሚከፈትና ስለሚዘጋ የብዙ ሳንቃ የመሠዊያ ሥዕል፣ ብዙ አልልም፤ እሱ ራሱን የቻለ ጉዳይ ነው። በወንድሙ በሁበርት ተጀምሮ፣ ሁበርት በ1426 ሲሞት ያን ጨርሶት በ1432 ተመረቀ። ናፖሊዮን ከመነሣቱ በፊት የፈረንሳይ ጦር ዘርፎታል፣ ናዚዎችም ወስደው የጨው ማዕድን ጉድጓድ ውስጥ ደብቀውታል፤ በ1934 የተሰረቀው አንዱ ክፍሉ እስካሁን አልተገኘም። ለኛ ጉዳይ የሚጠቅመው የውጭው ገጽ ነው። ያሠሩት ባልና ሚስት ዮዶኩስ ቫይድና ኤሊሳቤት ቦርሉት እዚያ ተንበርክከዋል፤ የባልየው ኪንታሮት ሳይቀር።

አሁን የሚያሳዝነውን ልንገራችሁ። ያን የመስፍኑ ሠዓሊ ሆኖ 16 ዓመት ኖረ፤ ግን እሱ የሣለው የመስፍኑ ምስል ዛሬ የለም። የኢሳቤልም የለም። የቤተ መንግሥቱን ሥራ የምናውቀው ከደረሰኝና ከደብዳቤ ነው። የቀሩት በሙሉ ተደምረው ሃያ ገደማ ሥራዎች ሲሆኑ አብዛኞቹ የነጋዴ፣ የካህንና የሹም ናቸው። ደግነቱ በርሊን ውስጥ አንድ ማጽናኛ አለ፤ የቦድዋን ደ ላኖዋ ምስል። ይህ ሰው የሊል ገዥ ነበር፤ ፖርቱጋል ከሄዱት ሽማግሌዎችም አንዱ ነው። ትልቅ ኮፍያ ደፍቷል፣ ዘንግ ይዟል፣ አንገቱ ላይ ፊሊፕ በሠርጉ ሰሞን የመሠረተው የወርቃማው የበግ ፀጉር ኒሻን (የመኳንንት የክብር ማኅበር) ሐብል አለ። መኳንንት ነው፤ ፊቱ ግን ሻካራ፣ የደከመው፣ ትንሽ የተቆጣ ነው። መርከብ ላይ ወራት አብረው ስላሳለፉ ያን ያንን ፊት ጠንቅቆ ያውቀዋል።

መስፍኑ ምን ያህል ያከብረው እንደነበር በ1435 የተፈጠረ ጭቅጭቅ ያሳያል። ፊሊፕ የያንን ደመወዝ በብዙ እጥፍ ከፍ አድርጎ የዕድሜ ልክ አደረገው። ሊል ያሉት የሒሳብ ሹሞች ግን አንፈርምም አሉ፤ ለሠዓሊ ይህን ያህል ብለው ነው መሰለኝ። መስፍኑ ተቆጥቶ ጻፈላቸው። መልእክቱ ባጭሩ፦ ሳታመነቱ ክፈሉት፣ በዚህ ምክንያት ትቶን ቢሄድ በጣም ነው የሚያስከፋን፣ ለወደፊት ትልቅ ሥራ ላሠራው አስቤያለሁ፣ በጥበቡም በዕውቀቱም እንደሱ ያለ ሰው አናገኝም። በ1434 ልጅ ሲወለድለትም ፊሊፕ የክርስትና አባት ሆነ፤ ስድስት የብር ጽዋ ሰጠ። ይህ ሁሉ ሆኖ ያን የብሩዥ ማዘጋጃ ቤት ፊት ለፊት ያሉ ሐውልቶችን ቀለም ለመቀባትም አልተጠየፈም፤ ያኔ የእጅ ሥራ የእጅ ሥራ ነው።

በ1439 ሚስቱን ማርጋሬትን ሣለ። ቀይ ልብስ በፀጉር የተለበጠ፣ ፀጉሯ በሁለት በኩል እንደ ቀንድ የተሠራ። ጽሑፉ በሷ አፍ ነው የሚናገረው፤ ባሌ ዮሐንስ በ1439 ጁን 17 ቀን ጨረሰኝ፣ ዕድሜዬ 33 ነበር ይላል። ቁንጅናዋን አላጋነነም። ከንፈሯ ቀጭን ነው፣ አፍንጫዋ ረዘም ያለ፣ አስተያየቷ የሚመዝን ሰው አስተያየት ነው።

ያን በ1441 ብሩዥ ሞተ። መስፍኑ መበለቲቱን በገንዘብ ረዳት፤ ከዓመታት በኋላም የያን ሴት ልጅ ማሴይክ ያለ ገዳም ስትገባ ድጋፍ ሰጣት። ያን የተቀበረበት የቅዱስ ዶናቲያን ቤተ ክርስቲያን በ1799 ፈርሷል።

ማየት ለምትፈልጉ፣ ሙዚየም መሄድ ግዴታ አይደለም። የጌንቱ ሥዕልና ሌሎች ብዙ ሥራዎቹ በጣም በከፍተኛ ጥራት ተነሥተው ኢንተርኔት ላይ በነፃ ተለቅቀዋል። ከውሻውና ከመስታወቱ በፊት ከፊት ጀምሩ። አንድ ዓይን ምረጡና እስከ መጨረሻው አጉሉት። ብርሃኑ ከየት በኩል እንደሚገባ ፈልጉ፤ አንዳንዶቹ ብሌኖች ላይ የክፍሉ መስኮት ራሱ ነጸብራቅ ሆኖ ተሥሏል።